ግማሽ ነጥብ በሐጂ ቤት

ሐጂ ቼዝ የሚጫወተው ስኳር እንደሚሸጠው ነው። አይቸኩልም፣ አይከራከርም፣ መጨረሻ ላይ ግን ያተርፋል። ሶዶ ውስጥ ስኳር፣ ዘይትና ሳሙና በጅምላ ያከፋፍላል። ወላጆቹ ከስልጤ መጥተው እዚህ ሱቅ የከፈቱ ሰዎች ናቸው፤ እሱ ግን እዚሁ ተወልዶ ያደገ፣ ወላይትኛውን ከእኔ እኩል የሚያቀላጥፍ የሶዶ ልጅ ነው። መካ ደርሶ ከተመለሰ ወዲህ ከተማው ሁሉ ሐጂ ይለዋል፤ እኔም እንዲሁ። እሱ ደግሞ ዶክተር ይለኛል። የእንስሳት ሐኪም ነኝ። ጠዋት በሞተር ሳይክል ወደ ሁምቦ ቆላ ወርጄ የሰው ላምና ፍየል ሳክም እውልና፣ ከሰዓት በኋላ አቧራዬን እንኳ ሳላራግፍ የሐጂ መጋዘን በር ላይ እገኛለሁ።

እዚያ በር ላይ፣ በሳሙና ካርቶኖች መካከል፣ ሃያ ዓመት ያህል ቼዝ ተጫውተናል። ሰሌዳውን የምናስቀምጠው በተገለበጠ ሣጥን ላይ ነው። ደንበኛ ሲመጣ ጨዋታው አይቋረጥም፤ ደንበኛው ይቆማል። ከዲምቱ ድረስ ዕቃ ሊጭን የመጣ ነጋዴ፣ ሐጂ ፈረሱን የት እንደሚያሳርፈው እስኪወስን ድረስ በሩን ተደግፎ ሲጠብቅ ብዙ ጊዜ አይቻለሁ። አንዳንዱ ይነጫነጫል፤ አንዳንዱ ደግሞ ጨዋታውን ሳያውቅ ምክር ይሰጣል። እኔ ብዙውን ጊዜ እሸነፋለሁ። የምሸነፈውም ባለማወቅ ሳይሆን በችኮላ ነው ብዬ አምናለሁ። ሐጂ በዚህ ይቀልድብኛል። "የቸኮለችው እንኳ አፍሳ ለቀመች፤ አንተ አፍስሰህ ትሄዳለህ" ይለኛል።

ከጨዋታው የሚጥመው ግን ወሬው ነበር። ሐጂ የግራንድ ማስተሮችን ታሪክ የሚያወራው የእኛ አገር ሽማግሌዎች የጎሳ ሐረግ እንደሚቆጥሩት ነው። ማን ማንን እንዳስተማረ፣ ማን በየትኛው ውድድር ማንን ጥሎ ማዕረጉን እንደያዘ፣ መቼ ወጥቶ መቼ እንደወረደ ከነዘር ማንዘሩ ያውቀዋል። ድሮ ከአዲስ አበባ በሚያስመጣቸው አሮጌ መጽሔቶች ነበር፤ ዛሬ ስልኩ አለለት። ሰው በእግር ኳስ ቡድን ሲጣላ እኛ ሁለት ጎልማሶች በአካል አይተነው በማናውቀው ሰው የመጨረሻ ዙር ጨዋታ እንኮራረፋለን። እኔ የምወደው ንግሥቱን ሠውቶ ወደ ፊት የሚሮጠውን ተጫዋች ነው። ሐጂ የሚወደው አንዲት ወታደር ይዞ ቀኑን ሙሉ የሚቀመጠውን። ደግሞ ከአንደኞቹ ይልቅ ሦስተኛ የሚወጡትን ያፈቅራል። "አንደኛው ዋንጫ አለው፤ ሦስተኛው ታሪክ አለው" ይላል። እኔ ዋንጫውን እመርጥ ነበር፤ ነግሬዋለሁም።

ይህ ሰው ኑሮው የሞላለት ነው። ከአንድ ነገር በቀር ሲመኝ ሰምቼው አላውቅም። ምኞቱም ዕድሜውን በሙሉ አንድ ጊዜ ከግራንድ ማስተር ጋር ተጫውቶ ግማሽ ነጥብ መውሰድ ነበር። ማሸነፍ አላለም፤ አቻ መውጣት ብቻ። እነዚያ ሰዎች ሰሌዳው ላይ የሚያዩትን ነገር አንድ ቀን በዓይኔ ማየት ነው የምፈልገው ይለኛል። እኔም፣ ግራንድ ማስተር ሶዶ ምን ሊያደርግ ይመጣል፣ ቅቤ ሊገዛ ነው ወይ እያልኩ አሾፍበት ነበር። ሐጂ እየሳቀ ይሰማኛል፤ ግን በዓመት በዓመቱ መነጽሩ እየወፈረ ሲሄድ ሳይ ቀልዱ ለራሴም እየመረረኝ መጣ።

ሰውየው መጣ። ነገሩ እንዲህ ነው። ዩኒቨርሲቲው ውስጥ የሚያስተምር አንድ ህንዳዊ መምህር አለ፤ ውሻው ታሞበት ሳክምለት ነው የተዋወቅነው። አንድ ቀን ውሻውን ክትባት እየወጋሁለት ሳለ፣ ታላቅ ወንድሙ ለዕረፍት ሊጎበኘው እንደሚመጣና ቼዝ እንደሚጫወት ነገረኝ። ቼዝማ ማን የማይጫወት አለ ብዬ በልቤ ናቅሁት። ቀጥሎ ወንድሙ ግራንድ ማስተር እንደሆነ ሲነግረኝ መርፌው እጄ ላይ ቀረ። ክትባቱን እንዴት እንደጨረስኩ አላስታውስም። ሞተሬን አስነስቼ መጋዘኑ ጋ ስደርስ ሐጂ የስኳር ጆንያ እያስቆጠረ ነበር። ነገርኩት። ቆቡን አውልቆ ራሱን አሸት አሸት አደረገና መጋዘኑን ዘጋ። ከጁምዓ ሶላት በቀር ቀን ሲዘጋ ያየሁት ያኔ ብቻ ነው።

መምህሩ ወንድሙን አስማማልን። እንግዳው በአንድ ቀን ከከተማው ተጫዋቾች ሁሉ ጋር በአንድ ጊዜ ሊጫወት ፈቀደ። እኛ ጠረጴዛ ከብበን እንቀመጣለን፤ እሱ መሃል ገብቶ ከአንዱ ወደ አንዱ እየተዘዋወረ ለእያንዳንዳችን አንድ አንድ ጊዜ እያንቀሳቀሰ ይሄዳል። የዩኒቨርሲቲ ተማሪዎች፣ አንድ የባንክ ሠራተኛ፣ ከጉኑኖ የሚመጣ አንድ የሒሳብ መምህር፣ እኔ፣ ሐጂ፤ እንዲህ እያልን ሃያ ገደማ ሆንን። ጊፋታ፣ የወላይታ ዘመን መለወጫ፣ እየተቃረበ ስለነበር ከተማው በሬ ሊገዛ ሲራወጥ እኛ የሰውየውን ዕድሜ ልክ ጨዋታ ስንበረብር ሰነበትን።

ታሪኩ ደግሞ ለሐጂ የተሰፋ ልብስ ይመስል ነበር። ሰውየው ማዕረጉን የያዘው ገና በወጣትነቱ ነው። ከዚያ ለጥቂት ዓመታት በየአገሩ እየዞረ፣ ርካሽ ክፍል ተከራይቶ፣ ባቡር ውስጥ እያደረ ተወዳድሯል። ሁለት ውድድር ተከታትሎ ያሸነፈበት አንድ ጥሩ ዘመን አለው። ቀጥሎ በዕድሜው ትልቁ በነበረው ውድድር እስከ መጨረሻዎቹ ዙሮች ሲመራ ቆይቶ በመጨረሻ ሦስተኛ ወጣ። ከዚያ ወዲህ እንደዚያ ከፍ ብሎ አያውቅም፤ አሁን በአገሩ ልጆች ያስተምራል። ሐጂ ይህን ሲያነብ ፊቱ በራ። ሦስተኛ፣ ሦስተኛ እያለ መጋዘኑን ዞረው። እኔ በበኩሌ የሰውየው ጥቃት ፈዛዛ ነው ብዬ ስተች፣ እስቲ ስትቀመጥ ፈዛዛነቱን ታየዋለህ አለኝ።

ጠባችን የተጀመረው በመጫወቻው ቦታ ጉዳይ ነው። ከመጋዘኑ በላይ ያለው የሐጂ መኖሪያ ቤት ሰፊ አዳራሽ አለው፤ የልጆቹን ሰርግ የደገሰበት። ለዚህ ጨዋታ የተሠራ ይመስላል። እሱ ግን እንቢ አለ። በገዛ ቤቴ ያስቀመጥኩትን እንግዳ እንዴት አድርጌ እጋጠመዋለሁ ነው ምክንያቱ። አባቱ እንግዳ ቤት ውስጥ ሳለ ድምፅ ከፍ አድርጎ መናገር እንኳ ይከለክል ነበር፤ እንግዳ በተቀመጠበት ቤት ባለቤቱ በክርክርም ቢሆን ይሸነፋል እንጂ አያሸንፍም። ቼዝ እኮ ጨዋታ ነው ብዬ ብለፈልፍ ጆሮ አልሰጠኝም። ምሳውን በቤቴ ላብላው፣ ጨዋታው ሌላ ቦታ ይሁን፤ መጀመሪያ እንጫወት፣ ከዚያ ይበላል አለ። ስለዚህ ቆርቆሮ ጣሪያ ያለው አንድ የወጣቶች መሰብሰቢያ ለመንን። ሐጂ ያን ግማሽ ነጥብ ምን ያህል እንደሚፈልገው የገባኝ ያኔ ነው። ቤቱን የከለከለው ከልቡ ሊጋጠመው አስቦ ነበራ።

ምሳው ራሱ ሌላ ጣጣ ነበረው። ሶዶ መጥቶ ቁርጥ ሳይበላ የሚመለስ እንግዳ ካለ ነውሩ የሰውየው ሳይሆን የእኛ ነው። ጥያቄው የማን ሥጋ የሚለው ነው። እኔና ሐጂ ሃያ ዓመት ሻይ አብረን ጠጥተናል፤ ሥጋ ግን ከአንድ ትሪ ቆርሰን አናውቅም። እሱ የእስላም፣ እኔ የክርስቲያን፤ እንደ አገሩ ሁሉ። እንግዳው የማን እንደሚበላ መምህሩን ስጠይቀው፣ ወንድሜ በሁለቱም ቅሬታ የለውም አለኝ። ሐጂ እንግዲያው ሁለቱንም እናቅርብለትና የወደደውን ይቁረጥ አለ። እሱ ከእሱ ሥጋ ቤት ታናሽ የሚባለውን ሥጋ አዘዘ፣ እኔ ከእኔው። ሁለት ትሪ፣ ሁለት ቢላ፣ ሁለት ሳህን ዳጣ፣ ያ የሚያቃጥለው የቃሪያ ማባያ፣ ተሰናዳ። በዚህ ዝግጅታችን በጣም ኮርተን ነበር።

ቀኑ ደረሰና ጠዋት ጠረጴዛዎቹን እየደረደርን ሳለን የዳሞታ ተራራ ጠቆረ። ዳሞታ ከጠቆረ የሶዶ ሰው ልብስ ያስገባል እንጂ አዳራሽ አያዘጋጅም፤ እኛ ግን ሌላ ምርጫ አልነበረንም። ዝናቡ በረዶ ቀላቅሎ ቆርቆሮው ላይ ሲወርድ አጠገቤ ያለው ሰው የሚለው አይሰማኝም ነበር። ጣሪያው በአንድ በኩል ማፍሰስ፣ ቀጥሎ በሌላው በኩል መንጠባጠብ፣ በመጨረሻ በግልጽ መዝነብ ጀመረ። የባንኩ ሠራተኛ ሰሌዳ ላይ ውሃ ቆመ። እንግዳውና ወንድሙ በዚህ መሃል ደረሱ። እንግዳው ቀጭን፣ ሽበታም፣ እርጥብ ጫማውን እያየ የሚስቅ ሰው ነው። ሁላችንም ወደ ሐጂ ዞርን። ሐጂ ጣሪያውን አየ፣ የእንግዳውን ጫማ አየ፣ ከዚያም በጣም በቀሰስተኛ ድምፅ ባጃጅ ጥሩልን አለ። አልሸሹም ዞር አሉ ነው የሆነው፤ ሰሌዳዎቹን ፌስታል አልብሰን ወደ ሐጂ ቤት ተጓዝን።

እዚያ ስንደርስ ሰዓቱ ረፍዶ ምሳ ደርሶ ነበር። እርጥብ እንግዳን ሳያበሉ ማጫወት አይታሰብም። ሁለቱ ትሪዎች ቀረቡ። እኔ የእኔን፣ ሐጂ የእሱን እያሳየን ስንጋብዝ እንግዳው ሁለቱን መዳፎቹን ገጥሞ ጎንበስ አለና፣ ከተወለደ ጀምሮ ሥጋ የሚባል ነገር ቀምሶ እንደማያውቅ በእንግሊዝኛ ነገረኝ። ወንድሙም እኮ ነግሬህ ነበር አለኝ። ቅሬታ የለውም ያለው፣ ሁለቱንም ስለማይነካ የማንም ቢቀርብ ግድ የለውም ለማለት ነበር። ያልጠረጠረ ተመነጠረ። ሰውየው በየትኛው ውድድር በስንተኛው ዙር በማን እንደተሸነፈ በቃላችን የምናውቅ ሰዎች፣ ሥጋ የማይበላ ሰው በዓለም ላይ መኖሩን ለማሰብ አልቻልንም። እዚህ አገር ጥያቄው የማን ሥጋ ነው እንጂ ሥጋ ይበላል ወይ አይደለማ።

ያዳነችን የሐጂ ባለቤት ናት። እኔ እትዬ ነው የምላት፤ ፈጣን፣ ጥቂት ተናጋሪ፣ ቤቱንም ሐጂንም በዓይኗ የምታዝ ሴት። ወደ ጓዳ ገብታ ለቤት ሰው የተቀቀለ ቦይና፣ ጎመንና ዳጣ ይዛ ወጣች። ሐጂ ፊቱ በኀፍረት ጠቆረ። ቦይና የራስ ምግብ ነው፤ ከማሳ ስንገባ የምንበላው ሥር፣ ለእንግዳ የሚቀርብ አይደለም። እንግዳው ግን ዳጣው ዓይኑን እያስለቀሰው፣ እየሳቀ በላ። እንደገና ጠየቀ። የምግቡን ስም ጠየቀ፣ አጠራሩን ተለማመደ። ቤቱን ሁሉ ሳቅ ሞላው፤ እኔም ደስ ብሎኝ ነበር። የሐጂን ፊት ሳየው ግን ሐሳቡ ገባኝ። ሰውየው አሁን ቤቱ ገብቷል፣ ማዕዱን ቀምሷል፣ ደስ ብሎታል። ከዚህ በኋላ እንዴት ይጋጠመዋል?

ጨዋታው ተጀመረ። እኔ ስለ ራሴ ብዙ አልናገርም። የሰውየው ፈዛዛ ጥቃት በአራተኛው ዙር ሲመጣ አይቼ ሳልጨርስ ንግሥቴን አጣሁ። ከሁሉም ቀድሜ ተነሣሁና ከሐጂ ጎን ወንበር ስቤ ተቀመጥኩ። አንድ ነገር ልናገር። ሐጂ ግማሽ ነጥብ እንዲያገኝ ከእሱ ይልቅ እኔ እፈልግ ነበር። ሃያ ዓመት ሙሉ ያሸነፈኝ ሰው ከግራንድ ማስተር አቻ ከወጣ፣ የእኔም ሽንፈት ከዚያ ወዲያ ክብር አለው።

ሐጂ ግን እየተጫወተ አልነበረም፤ እያስተናገደ ነበር። አንድ እንቅስቃሴ ያደርግና ተነሥቶ ሻይ ያልደረሰው ሰው እንዳለ ይቃኛል። ለጉኑኖው መምህር ወንበር ይቀይራል። እርጥብ ጃኬት ያለው ተማሪ ጃኬቱን የት እንደሚሰቅል ያሳያል። ተመልሶ ይቀመጥና የሚቀጥለውን እንቅስቃሴ ያደርጋል። የሚያደርገውም ሁሉ ትሑት ነበር። መሃል ላይ ወደ ሰውየው ንጉሥ የምትወስድ አንዲት ጥሩ መንገድ ተከፈተች። እኔ አየኋት። እኔ ካየኋት እሱ ከረጅም ጊዜ በፊት አይቷታል። እጁ ወደ ፈረሱ ሄደና ቆመ፤ ከዚያ ዳር ያለችውን ወታደር አንድ ቤት ገፋ አደረጋት። በጠረጴዛው ሥር እግሩን ረገጥኩት። እግሩን ወደ ወንበሩ ሥር ሰበሰበ።

እትዬ ትሪ ይዛ ከኋላችን ቆማ ነበር። ቼዝ አታውቅም፤ ባሏን ግን ታውቀዋለች። ትሪውን አስቀመጠችና እጇን ዘረጋች።

"ቁልፉን አምጣ" አለችው።

ሐጂ ከወገቡ የማይለየው ትልቅ የቁልፍ ዘለላ አለው፤ የመጋዘኑም የቤቱም። ግራ ገብቶት አያት።

"አምጣ። እስከ ማታ ቤቱ የእኔ ነው፤ አስተናጋጇ እኔ ነኝ። አንተ ደግሞ እንደ ሰዎቹ ሁሉ ልትጫወት የመጣህ ነህ። ሻይም አትይ፣ ወንበርም አትይ።"

ሐጂ ቁልፉን ከቀበቶው ፈታና እጇ ላይ አኖረላት። እሷም ቁልፉን እያንቀጨለጨለች ወደ ጓዳ ገባች፤ ከዚያ በኋላ ማን ሻይ ደረሰው ማን አልደረሰውም የሚለው የሐጂ ጉዳይ መሆኑ ቀረ። መነጽሩን ጠረገ፣ ወንበሩን ወደ ፊት ሳበ። ይህን አቀማመጡን አውቀዋለሁ፤ እንዲህ ሲቀመጥ እኔ ሻዬን እጨርስና ለመሸነፍ እዘጋጃለሁ።

ያቺ ጥሩ መንገድ ተዘግታ ነበር። ሐጂ ግን እንደ ልማዱ ቀስ በቀስ ሌላ ቆፈረ። አንድ ፈረስ መሃል ላይ ተከለ፤ እዚያው ከረመ። እንግዳው በሌሎቹ ሰሌዳዎች ላይ እንደሚያልፍ ሰው እያለፈ፣ እኛ ጋ ሲደርስ መቆም ጀመረ። በመጀመሪያ ትንሽ፣ ቀጥሎ ረዘም ላለ ጊዜ። የባንኩ ሠራተኛ ወደቀ፤ ተማሪዎቹ ተራ በተራ ወደቁ፤ የጉኑኖው መምህር ለረጅም ጊዜ ታግሎ ወደቀ። በመጨረሻ የሐጂ ሰሌዳ ብቻ ቀረ፤ በሐጂም በእንግዳውም እጅ አንድ አንድ ግንብና ጥቂት ወታደሮች። ሰው ሁሉ በላያችን ላይ ቆመ። እንግዳው ወንበር ጠየቀና ፊት ለፊት ተቀመጠ። ቆሞ የሚጫወተው ከብዙ ሰው ጋር ነው፤ የተቀመጠው ከሐጂ ጋር ነው። እኔ በዚያች ሰዓት ብንሄድም ይበቃን ነበር።

ትንሽ ቆይቶ እንግዳው ከሰሌዳው ቀና አለና ወደ እኔ ዞረ። ሐጂ እንግሊዝኛ የሚያውቀው የዕቃ ስምና ቁጥር ብቻ ስለሆነ አስተርጓሚው እኔ ነበርኩ። ወዳጅህ ፈቃደኛ ከሆነ አቻ ብንለያይ ደስ ይለኛል አለኝ።

ሰውየው አረፍተ ነገሩን ሳይጨርስ ተርጉሜዋለሁ። ከኋላዬ ያሉት ሰዎች እርስ በርስ ተያዩ። ሐጂ ዕድሜውን ሙሉ የተመኛት ግማሽ ነጥብ ጠረጴዛው ላይ ተቀምጣለታለች፤ እጁን ዘርግቶ የሰውየውን እጅ መጨበጥ ብቻ ነው የቀረው። እሱ ግን ሰሌዳውን ያይ ነበር። የደስታ ምልክት ፊቱ ላይ አላየሁም።

"ዶክተር፣ ጠይቅልኝ" አለ። "ይሄን ያለው ሰሌዳውን አይቶ ነው ወይስ ምሳውን በልቶ?"

እጅህን ዘርጋና ጨርስ አልኩት በጆሮው፤ ጥርሴን ነክሼ። ጠይቅልኝ ብሎ ደገመ። እንዳልጠይቅለት ፈለግሁ። ሰሌዳውን አይቶ ነው ብዬ እኔው ራሴ ልመልስለት ምላሴ ጫፍ ላይ ደርሶ ነበር። ግን ከላያችን ላይ እንግሊዝኛ የሚሰማ የዩኒቨርሲቲ ተማሪ ሞልቷል፤ ደግሞም ሐጂ ፊቴን ሃያ ዓመት ሲያነበው የኖረ ሰው ነው። እንደ ወረደ ጠየቅሁለት።

እንግዳው ሳቀ። ከዚያ ሳቁን ተወና ሰሌዳውን ደግሞ አየ። መልሱን ሲሰጥ እኔን ሳይሆን ሐጂን እያየ ነበር።

"ሰሌዳው ላይ እኔ የምሻል ይመስለኛል" አለ። "ግን እንዲህ የበላሁበትን ቤት ባለቤት አሸንፌ መውጣት ከበደኝ።"

ቃል በቃል ተረጎምኩ፤ ድምፄ እየሞተ። ሐጂ በዚያ ቀን ለመጀመሪያ ጊዜ ከልቡ ፈገግ አለ።

"በለው፣ ምሳው የባለቤቴ ነው፤ እሷ ዋጋ አልጠየቀችም። ጨዋታው ግን የእኔ ነው። ይቀጥል።"

ይህን ስነግረው እንግዳው አንገቱን ዝቅ አድርጎ እጅ ነሳ፤ እጅጌውን ጠቀለለ። ከዚያ በኋላ እንደ እንግዳ አልተጫወተም። ሁለቱም ረሱን። ውጭ ዝናቡ አባርቶ ነበር፤ ከታች ባጃጆች ጥሩምባ እያሰሙ ያልፋሉ፤ ማንም ሰው ከቦታው አልተነቃነቀም። በአንድ ወቅት ሐጂ ግንቡን ከኋላ አምጥቶ ከእንግዳው ወታደር ጀርባ ሲያቆመው፣ እንግዳው ሁለት እጆቹን ጆሮዎቹ ላይ አድርጎ አጎነበሰ። ለረጅም ጊዜ እንደዚያ ቆየ። በአደባባይ ውድድር ያሸነፈ፣ በየአገሩ የዞረ ግራንድ ማስተር በሶዶ ከተማ ከስኳር መጋዘን በላይ ተቀምጦ በሐጂ ምክንያት ሲጨነቅ አየሁት። አንጀቴ በደስታ ቅቤ ጠጣ።

ቢሆንም ሐጂ ተሸነፈ። የሰውየው ንጉሥ በአንድ በኩል ሾልኮ ገባ፤ አንዲት ወታደር አለፈች፤ የሚያቆማት አልነበረም። ሐጂ ንጉሡን በቀስታ አስተኛና የእንግዳውን እጅ በሁለት እጁ ጨበጠ። ሰው አጨበጨበ። እኔ አላጨበጨብኩም፤ ተናድጄ ነበር።

እንግዳው ግን አልተነሣም። ጠጠሮቹን ጥቂት እንቅስቃሴ ወደ ኋላ መልሶ ደረደራቸው። እዚህ ላይ ንጉሥህን ወደ ግራ ሳይሆን ወደ ቀኝ ብታመጣው ኖሮ አላሸንፍህም ነበር አለ፤ ተረጎምኩ። ወደ ቀኝ አምጥቶ አሳየን። እውነተኛ አቻ። የማንም ችሮታ የሌለበት ግማሽ ነጥብ እዚያው ፊታችን ተቀምጣ ኖሯል፤ ማናችንም አላየናት። ሐጂ ግን ሰሌዳውን ወደ ራሱ ሳበና ንጉሡን በገዛ እጁ ወደ ቀኝ ወሰደው። መልሶ አመጣው። እንደገና ወሰደው። የእንግዳው ንጉሥ በየት ሊገባ እንደሚችል ፈለገ፤ መግቢያ አጣለት። ከዚያ ቆቡን አውልቆ ልክ እንደዚያን ቀን ራሱን አሸት አሸት አደረገ።

"አየኸው፣ ዶክተር?" አለኝ። "አየሁት እኮ።"

እንግዶቹን ሸኝተን ደረጃው ላይ ብቻችንን ስንቀር ቁጣዬን አወጣሁ። እጅህ የገባ ነገር እንዴት ትጥላለህ፣ ይህ ሰው ሁለተኛ ሶዶ ይመጣል ወይ፣ ዓይንህስ ነገ ሰሌዳ ያያል ወይ አልኩት። ሳያቋርጠኝ ሰማኝ። ቁልፉ ገና እትዬ ጋ ስለነበር እጁ ባዶ ወገቡን እየዳሰሰ ነበር።

"የገባማ አልነበረም፤ የተሰጠ ነው" አለኝ። "ብወስደው ዕድሜ ልኬን ግማሹ የቦይናው ነው እያልኩ ልኖር ነበር። ይሄኛው ሙሉውን የእኔ ነው።"

ወሬው ከተማውን ለማዳረስ ጊዜ አልወሰደበትም። መጋዘኑ በር ላይ የሚቆም ደንበኛ ሁሉ ከግራንድ ማስተሩ ጋር እንዴት ሆንክ ይለዋል። እኔ ቶሎ ብዬ፣ አቻ ጠይቆት ነበር እኮ ብዬ ልጀምር ስል በዓይኑ ያቆመኛል። ከዚያ ራሱ ይመልሳል፤ ተሸነፍኩ ይላል፤ ቃሏን ሳያሳጥር፣ ሳያስረዳ፣ ደረቱን ሞልቶ። ሃያ ዓመት ሙሉ ሲያሸንፈኝ ቀንቼበታለሁ። እንደዚያ ብሎ ሲናገር ስሰማው ግን የቀናሁት በሽንፈቱ ነው።